በፀሐይ ግርዶሽ ስለሚያስፈራሩ ሰዎች

ይህን ጽሑፍ የምጽፈው ከአንድ ወገን ሰዎች ጋር ለመከራከር ነው። እነዚህ ሰዎች በሰማይ ላይ ያልተለመደ ነገር በታየ ቁጥር «እነሆ ቁጣ ወረደ፤ እነሆ መጨረሻው ደረሰ» እያሉ ሕዝቡን ያሸብራሉ። ሽብሩ ሲያልፍ የተናገሩትን አንሥቶ የሚጠይቃቸው ሰው ስለማይገኝ ዝም ብለው ይቀመጡና ሌላ ምልክት ይጠብቃሉ። ስማቸውን አልጠራም፤ ስም መጥራት ለጠብ እንጂ ለትምህርት አይጠቅምም። ደግሞም አንባቢዬ ከመካከላቸው አንዱን ሳያውቅ አይቀርም።

ነገሩ የቅርብ ጊዜ ነው። እሑድ ሰኔ 14 ቀን 2012 ዓ.ም. ጠዋት ጨረቃ በፀሐይና በምድር መካከል ገብታ ፀሐይን ጋረደቻት። በዚያ ዕለት ጨረቃ ከምድር ራቅ ብላ ስለ ነበረች መልኳ ከፀሐይ መልክ በጥቂቱ አንሶ ታየ፤ ስለዚህ ፀሐይን ፈጽማ ልትሸፍናት አልቻለችም፤ በዙሪያዋ ቀጭን የእሳት ቀለበት ተረፈ። ቀለበቱ ሙሉ ሆኖ የታየው ስፋቱ ከ100 ኪሎ ሜትር በሚያንስ ጠባብ መንገድ ላይ ለነበሩት ብቻ ነው። መንገዱም ከኮንጎ ተነሥቶ በደቡብ ሱዳን በኩል ወደ አገራችን ገባ፤ ከምዕራብ ወደ ሰሜን ምሥራቅ አቋርጦም በላስታ ላሊበላ ላይ አለፈ። በዚያ ብዙ ሰዎች ተሰብስበው ወደ 2 ሰዓት ገደማ ለአንድ ደቂቃ ያህል አዩት። በእኛ በባሕር ዳርም ጨረቃ የፀሐይን አብዛኛውን ክፍል ስለ ሸፈነች የሐይቁ ውሃ መልኩን ለወጠ፤ ብርሃኑ በጠዋት ሳለ የምሽት መሰለ።

ዘመኑ ደግሞ ክፉ ነበር። የኮሮና ወረርሽኝ ገብቶ፥ ከመጋቢት ወር ጀምሮ ትምህርት ቤቶች ተዘግተው፥ አገሩም በአስቸኳይ ጊዜ አዋጅ ሥር ነበረ። አስተማሪው በቤቱ፥ ተማሪውም በቤቱ ተቀምጦ ነበር። ስለዚህ ያን የመሰለ ትምህርት በሰማይ ላይ ሲጻፍ ልጆቹን ሰብስቦ «ይህ እንዲህ ነው» የሚላቸው ሰው ጠፋ። ስፍራው ባዶ መሆኑን ያዩ እነዚያ ሰዎች ግን አልተኙም። ወረርሽኙንና ግርዶሹን በአንድ ገመድ አሥረው፥ በየስልኩ ድምፃቸውን ልከው፥ «ይህ ሁለተኛው መቅሠፍት ነው፤ ሦስተኛው በደጅ ቆሟል» አሉ። አንዲት ጎረቤቴ የሆነች እናት ይህን ሰምታ አራት ልጆቿን በአንድ ክፍል ውስጥ ዘግታ፥ በመስኮቱ ላይ ብርድ ልብስ ሰቅላ፥ እግዚኦ እያሰኘቻቸው አረፈደች። እኔ እናቲቱን አልወቅስም፤ ለልጆቿ የፈራች እናት ናት። የምወቅሰው ፍርሃቱን በስልኳ የላከላትን ሰው ነው።

እንግዲህ ወደ ክርክሩ እንግባ።

ቁጣ ማለት በደልን ተከትሎ የሚመጣ ነገር ነው። አባት ልጁን የሚቆጣው ልጁ ካጠፋ በኋላ ነው እንጂ አያቱ ሳይወለድ ቀኑን ቆርጦ አይደለም። የሰኔ 14 ቀኑ ግርዶሽ ግን ቀኑ የተቆረጠው መቼ ነው? ቴዎዶር ፎን ኦፖልጸር የሚባል የቪየና ሰው የፀሐይንና የጨረቃን አካሄድ ከረዳቶቹ ጋር በእጅ እያሰላ ከክርስቶስ ልደት በፊት ከ1208 ዓመት ጀምሮ እስከ 2161 ዓመተ ምሕረት በፈረንጆች አቆጣጠር ድረስ ያሉትን 8,000 የፀሐይ ግርዶሾች በአንድ ትልቅ መጽሐፍ ውስጥ ዘርዝሮ አስቀመጣቸው። መጽሐፉ የታተመው በፈረንጆች አቆጣጠር በ1887 ነው። የእኛም ግርዶሽ በዚያው መጽሐፍ ውስጥ አለ። ታትሞ 133 ዓመት ከቆየ በኋላ በቀኑ መጣ። ታዲያ ይህ ባለፈው ዓመት በሠራነው ኀጢአት ምክንያት የተላከ ቁጣ ነው የሚለን ሰው የ1887ቱን ማተሚያ ቤት ምን ሊያደርገው ነው?

በዚያው በ1887 ግድም በአገራችን የሆነውን ደግሞ ልብ በሉ። በምፅዋ ወደብ በኩል ኢጣሊያኖች ካስመጧቸው ከብቶች ጋር ደስታ የሚባለው የከብት በሽታ ገባ። (ስሙን ያወጣለት ሰው ምን አስቦ እንደ ሆነ እንጃ።) በሽታው ከመንደር ወደ መንደር እየተዛመተ ከአገሩ ከብት ከአሥሩ ዘጠኙን ያህል እንደ ፈጀ ይገመታል። በሬ የሌለው ገበሬ ማረስ አልቻለም፤ ድርቅና አንበጣ ተጨመረበት፤ ከዚያም አያቶቻችን ክፉ ቀን ብለው የሚያወሩት ረሃብ መጣ። ወጣት አንባቢዬ ሆይ፥ እነዚህን ሁለት ነገሮች ጎን ለጎን አስቀምጠህ ተመልከት። በአንድ ወገን፥ ማንንም የማይገድል ግርዶሽ ከመቶ ዓመት በላይ አስቀድሞ ታውቆ በመጽሐፍ ተጽፏል። በሌላው ወገን፥ ሕዝብ የሚፈጅ በሽታ በመርከብ ተጭኖ ወደብ ላይ ሲወርድ የሚያቆመው ሰው አልነበረም። አደጋው በሰማይ ሳይሆን በወደብ በኩል ገባ። ከዚያ ወዲህም ያ የከብት በሽታ ከዓለም የጠፋው ሰዎች ወደ ሰማይ እያዩ ስለ ተንቀጠቀጡ አይደለም። የከብት ሐኪሞች በየበረሃው እየዞሩ ከብቱን ስለ ከተቡ ነው፤ ጨርሶ መጥፋቱም በ2003 ዓ.ም. ለዓለም ሁሉ ተነገረ።

«እግዚአብሔር እኮ ሁሉን አስቀድሞ ያውቃል፤ ቁጣውንም ከበደሉ ጋር አስቀድሞ ሊያሰናዳው ይችላል» ብለው የሚመልሱልኝ አሉ። አስቀድሞ ማወቁን እኔም አምናለሁ። ነገር ግን ይህ መልስ ከሆነ ሌላ ጥያቄ አለብኝ። ያ ቀለበት በላሊበላ ላይ አልቀረም፤ በየመንና በኦማን፥ በፓኪስታንና በህንድ፥ በቻይናና በታይዋን አልፏል። የሩብ ዓልኻሊ ሰው አልባ አሸዋና የባሕሩ ውሃ ምን በደሉ? ወይስ ቁጣው ለላስታ ሰው ብቻ ተጽፎ ለሌላው ቅጂው ነው የደረሰው? በተቃራኒው ደግሞ «ቀለበቱ ላሊበላ ላይ የታየው እኛ የተመረጥን ስለ ሆንን ነው» ሲሉም ሰምቻለሁ። ይህም የዚያው የፍርሃቱ ወንድም ነው። ጨረቃ የማንንም አገር ስም አታውቅም፤ የምትጠብቀው የታዘዘላትን መንገድ ነው።

አሁን ወደ ዋናው ነገር ልምጣ። እነዚህ ሰዎች ንግግራቸውን የሚያከብዱበት የስቅለትን ዕለት በማንሣት ነው። «ጌታ በተሰቀለ ጊዜ ፀሐይ ጨለመች፤ ዛሬም ጨለመች፤ ስለዚህ ዛሬም የዚያን ያህል ነገር ሊሆን ነው» ይላሉ። ይህን የሚል ሰው ሃይማኖቱን ጠንቅቆ ያወቀ ይመስላል። እኔ ግን የራሱን ቤተ ክርስቲያን ሂሳብ እንኳ ያልተማረ ነው እላለሁ። ምክንያቴንም በዝርዝር አስረዳለሁ።

የፀሐይ ግርዶሽ የሚሆነው ጨረቃ በፀሐይና በእኛ መካከል ስትገባ ብቻ ነው። ጨረቃም በዚያ ስፍራ የምትገኘው ስትጠፋና ስትወለድ፥ ሊቃውንቱ ሠርቀ ወርኅ በሚሉት ጊዜ ነው። ጨረቃ ሙሉ በሆነች ጊዜ ግን ፀሐይ በአንድ ወገን፥ ጨረቃ በሌላው ወገን፥ እኛ በመካከል ነን። ከኋላህ የቆመ ሰው ከፊትህ ያለውን መብራት ሊጋርድብህ እንደማይችል ሁሉ ሙሉ ጨረቃም ፀሐይን ልትጋርድ አትችልም። ጌታ የተሰቀለው ደግሞ በአይሁድ ፋሲካ ሰሞን ነው። የፋሲካው በግ የሚታረደው ጨረቃ በተወለደች በ14ኛው ቀን፥ ማለት ጨረቃ ሙሉ ስትሆን ነው። እንግዲያስ የስቅለቱ ጨለማ ግርዶሽ ሊሆን አይችልም። ደግሞም ወንጌላውያኑ ጨለማው ከስድስት ሰዓት እስከ ዘጠኝ ሰዓት እንደ ቆየ ይመሰክራሉ፤ ይኸውም ሦስት ሰዓት ነው። (የወንጌሉ ሰዓት አቆጣጠር ከእኛ ከኢትዮጵያውያን ጋር አንድ ስለ ሆነ ለእኛ ትርጓሜ አያሻውም፤ ስድስት ሰዓት ቀትር ነው።) የፀሐይ ሙሉ ግርዶሽ ግን በአንድ ስፍራ ከሰባት ደቂቃ ተኩል ብዙም አያልፍም። ይህን ክርክር እኔ ዛሬ አልፈጠርሁትም። በ3ኛው መቶ ዓመት የነበረው ክርስቲያን ጸሐፊ ዩልዮስ አፍሪቃኖስ የስቅለቱን ጨለማ ግርዶሽ ላሉት ሰዎች የመለሰው ይህንኑ ነው፤ ፋሲካና የፀሐይ ግርዶሽ በአንድ ቀን አይገናኙም አላቸው።

ስለዚህ ያን ጨለማ ተአምር ነው ብሎ የሚያምን ሰው፥ ሰኔ 14 ቀን የሆነውን ከእርሱ ጋር ማመሳሰል የለበትም። ያመሳሰለ እንደ ሆነ ተአምሩን ወደ ሂሳብ አወረደው እንጂ ሂሳቡን ወደ ተአምር አላወጣውም። እነሆ፥ ለሃይማኖት ተቆርቋሪ ነኝ የሚለው ሰው በፍርሃቱ ሃይማኖቱን ራሱ ጎዳው።

እኔ የተማርሁት በሚስዮን ትምህርት ቤት ነው። በዚያ መጽሐፍ ቅዱስና ሂሳብ ተምሬአለሁ፤ ባሕረ ሐሳብን ግን ያስተማሩኝ ኋላ በጡረታዬ ዘመን በሐይቁ ዳር ያሉ አንድ መሪጌታ ናቸው። እኒህ ሰው የ19ኙን ዓመት ንዑስ ቀመር፥ የ76ቱን ማዕከላዊ ቀመርና የ532ቱን ዐቢይ ቀመር በጣታቸው መገጣጠሚያ እየቆጠሩ፥ አበቅቴና መጥቅዕ ተደምረው ሁልጊዜ 30 እንደሚሆኑ አሳይተው፥ ፋሲካ በየትኛው ዓመት በየትኛው ቀን እንደሚውል ያለ ወረቀት ይነግሩኛል። አንድ ቀን ስለ ግርዶሹ ጠየቅኋቸውና «የሚፈራው ያልቆጠረ ነው» ብለው ሳቁ። በ13ኛው መቶ ዓመት አንድ የግብፅ ቅብጥ ሊቅ የደረሰው፥ በኋላም ወደ ግዕዝ የተመለሰው የዐቡሻክር መጽሐፍ የሚያስተምረው ይህን የመሰለውን የዘመን ሂሳብ ነው። መጽሐፈ ሄኖክም ከምዕራፍ 72 እስከ 82 ድረስ መልአኩ ዑራኤል ለሄኖክ የፀሐይንና የጨረቃን አካሄድ እንዴት እንዳሳየው ይተርካል፤ ፀሐይ የምትወጣባቸውን ስድስት ደጆችና የምትገባባቸውን ስድስት ደጆች ይዘረዝራል። ይህ መጽሐፍ ሙሉ ሆኖ የተገኘው በግዕዝ ብቻ ነው። ከታወቁት ጥንታዊ ቅጂዎቹም አንዱ በ15ኛው መቶ ዓመት የተጻፈው የዚሁ የጣናችን፥ የክብራን ደሴት ቅጂ ነው። ባሕር ዳር ቆሞ በጀልባ ከአንድ ሰዓት ብዙም ወደማይርቅ ደሴት የሚያይ ሰው «ሰማይን መቁጠር የፈረንጅ ነገር ነው» ሲል ስሰማ እጅግ አዝናለሁ። የሄኖክ አቆጣጠር ከዛሬው ሥነ ፈለክ ጋር በሁሉ ይስማማል ማለቴ አይደለም፤ አይስማማም። ነገር ግን መልአክ ለሰው ሊያስተምረው የወደደው ነገር ፍርሃት ሳይሆን ሥርዓት መሆኑን መጽሐፉ በግልጥ ያሳያል።

በዚህ ስፍራ ለአንዳንድ የተማሩ ወጣቶችም አንድ ቃል አለኝ። መሪጌታውንና በስልክ የሚያስፈራራውን ሰው በአንድ ከረጢት አስገብታችሁ «ኋላ ቀር» ትሏቸዋላችሁ። ይህ ፍርድ አይደለም። አንደኛው ይቆጥራል፤ ሁለተኛው ያስፈራራል። ደግሞም ከእናንተ መካከል «ግርዶሽ ለምን በየወሩ አይሆንም? ጨረቃ በየወሩ ትወለድ የለምን?» ብዬ ስጠይቅ ዝም ያሉኝ ጥቂቶች አይደሉም። መልሱ አጭር ነው። የጨረቃ መንገድ ከምድር መንገድ አምስት ዲግሪ ያህል ያዘነበለ ስለ ሆነ፥ በአብዛኛው ጊዜ ጥላዋ ከምድር በላይ ወይም በታች ያልፋል፤ ሁለቱ መንገዶች በሚቋረጡበት ስፍራ ስትወለድ ብቻ ነው የምትጋርደው። ይህን ሳያውቁ በአዋቂ ስም መሳቅ ያው ማላገጥ ነው።

ፍርሃቱ ለማን እንደሚጠቅም ለማወቅ አንድ የታወቀ ታሪክ ላስታውሳችሁ። ክሪስቶፈር ኮሎምቦስ መርከቦቹ ተበላሽተው በጃማይካ ደሴት ተጥሎ ሳለ፥ የአገሩ ሰዎች እርሱንና ሰዎቹን መመገብ ሰለቻቸውና ተዉት። እርሱ ግን የጀርመኑ ሊቅ ሬጊዮሞንታኑስ ያዘጋጀው የከዋክብት ሰሌዳ በእጁ ነበረና በፈረንጆች አቆጣጠር በየካቲት 29 ቀን 1504 ማታ ጨረቃ እንደምትጨልም አወቀ። የአገሩን አለቆች ሰብስቦ «ስንቅ ስለ ከለከላችሁን አምላኬ ተቆጥቷል፤ ዛሬ ማታ ጨረቃን ይወስድባችኋል» አላቸው። ጨረቃዋም በሰዓቷ ጨለመች። እነዚያ ምስኪኖች እየጮኹ ምግብ ተሸክመው መጡ። ኮሎምቦስም የምጸልይ ነኝ ብሎ ወደ ክፍሉ ገባና ግርዶሹ የሚያልቅበትን ሰዓት ጠብቆ ወጣ፤ «ምሬአችኋለሁ ብሏል» አላቸው። ከዚህ ታሪክ የምንማረው፥ በሰማይ የሚያስፈራራ ሰው ዓይኑ በምድር ባለው እንጀራ ላይ መሆኑን ነው። የእኛዎቹ ከኮሎምቦስ የሚለዩት ሰሌዳው እንኳ በእጃቸው ባለመኖሩ ነው፤ ዜናውን ሰምተው ከሰው ኋላ ይነሣሉ።

ጳጉሜን 2 ቀን 2017 ዓ.ም. ማታም እንዲሁ ሆነ። ከምሽቱ 2 ሰዓት ተኩል ጀምሮ 82 ደቂቃ ያህል ጨረቃ ፈጽማ በምድር ጥላ ውስጥ ገብታ ቀላች። «ደም ሆነች» ተባለ። ደም አልነበረም። ፀሐይ ስትጠልቅ የጣና አድማስ የሚቀላበት ምክንያት ነው ጨረቃንም ያቀላት። የምድር አየር ሰማያዊውን ብርሃን በትኖ ቀዩን ብቻ አጉብጦ ወደ ጥላው ውስጥ ስለሚያሳልፍ፥ በዚያች ሰዓት በምድር ዙሪያ የነበረው የንጋትና የምሽት ቀለም ሁሉ በአንድነት በጨረቃ ፊት ላይ ዐረፈ። ይህን የመሰለ ውበት ደም ብሎ መጥራት ስጦታን በጥፊ መመለስ ይመስለኛል።

ልጆቹን ቤት የዘጋችው እናት አንድ እውነት ነበራት፤ ያ እውነት ግን ስለ ዓይን ነው እንጂ ስለ ቁጣ አይደለም። ፀሐይን በባዶ ዓይን ትኩር ብሎ ማየት፥ በግርዶሽም ቀን ቢሆን፥ የዓይንን የውስጥ መጋረጃ ያቃጥላል። መጋረጃው የሕመም ስሜት ስለሌለው ሰው መቃጠሉን በጊዜው አያውቀውም፤ የሚያውቀው ኋላ የሚያነበው ፊደል መካከሉ ሲጠፋበት ነው። የራጅ ፊልም፥ በጥላሸት የጠቆረ መስታወት፥ ተራ የፀሐይ መነጽር፥ በሳፋ ውሃ ውስጥ ማየትም አይታመኑም። ለዚህ ተብሎ የተሠራ መነጽር ያላገኘ ሰው ግን ያለ ምንም ወጪ የሚያይበት መንገድ አለ። ካርቶን በመርፌ ይበሳና ጀርባን ለፀሐይ ሰጥቶ በቀዳዳው ያለፈውን ብርሃን በነጭ ወረቀት ላይ መጣል ነው። በወረቀቱ ላይ የተነከሰች ፀሐይ ትታያለች። በሰኔ 14 ጠዋት ደመናው ሳሳ ሲል በሐይቁ ዳር ካሉት ዋርካዎች በአንዱ ሥር ቆሜ ነበር፤ በቅጠሎቹ መካከል ያለው ክፍተት ሁሉ እንደዚያ ቀዳዳ ሆኖ መሬቱን በብዙ መቶ ትናንሽ የማጭድ ቅርጾች ሞልቶት ነበር። አንድ ታንኳውን በደንገል የሚጠግን ዓሣ አጥማጅ ጠርቼ አሳየሁትና እጁን ዘርግቶ በመዳፉ ላይ አንዷን ማጭድ ያዘ። ምንም አልፈራም። «ይህ ሁሉ ጊዜ እዚህ ስቀመጥ እነዚህ ክቦች የፀሐይ መልክ ናቸው አላልሁም ነበር» አለኝ። ያ ሰው በአንድ ደቂቃ የተማረውን አራቱ ልጆች ብርድ ልብስ በተሰቀለበት ክፍል ውስጥ አጡት።

የሚመጣውን ደግሞ አስቡ። ሰኞ ሐምሌ 26 ቀን 2019 ዓ.ም. ጨረቃ ፀሐይን ፈጽማ የምትሸፍንበት ቀን ነው። ጥላዋ ከስፔይን ደቡብና ከሞሮኮ ጀምሮ በሰሜን አፍሪካ ያልፋል፤ በግብፅ በሉክሶር አጠገብ ጨለማው ከ6 ደቂቃ በላይ ይቆያል፤ ከዚያ በሳዑዲ ዐረቢያና በየመን አልፎ የሶማሊያን ጫፍ ይነካል። እኛ ጋ የሚታየው ከቀትር በኋላ ሲሆን ፀሐይ የምትሸፈነው በከፊል ብቻ ነው። ፍልሰታ ሊገባ 5 ቀን ሲቀረው ስለ ሆነ የሚያስፈራሩት ሰዎች ይህን ሳይጠቀሙበት አይቀሩም። ክረምት ስለ ሆነም ትምህርት ቤቶች እንደዚያን ጊዜው ይዘጋሉ፤ አስተማሪ አይኖርም። በሐምሌ መጨረሻ የጣና ሰማይ በደመና መሸፈኑ የታወቀ ነውና ምናልባት ፀሐይን ራሷን አታዩአት ይሆናል።

ለዚህም አንድ ነገር አድርጉ። ግርዶሹ በከተማችሁ የሚጀምርበትን፥ የሚበረታበትንና የሚያልቅበትን ሰዓት ከነደቂቃው ከሥነ ፈለክ ሰሌዳ አውጥታችሁ፥ ወሩ ሳይገባ በወረቀት ጽፋችሁ፥ ስማችሁን ፈርማችሁ በደጃችሁ ለጥፉ። ከጎኑም ሌላ ባዶ ወረቀት ለጥፉና የሚያስፈራራውን ሰው በአክብሮት ጠርታችሁ፥ «አባቴ፥ እርስዎ ደግሞ የሚመጣውን መቅሠፍት፥ ቀኑንና ቦታውን እዚህ ላይ ይጻፉልንና ይፈርሙበት» በሉት። ብዕሩንም አቀብሉት።